ስካላዋጎች፦ በተሸነፈው ደቡብ ለውጡን የደገፉ ነጮች

ስካላዋግ የሚባለው ከአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት (ከ1861 እስከ 1865) በኋላ፣ አሸናፊው ሰሜን ያመጣውን ለውጥ፣ ማለትም የባርነትን መቅረትና የጥቁሮችን የመምረጥ መብት፣ የደገፈ የደቡብ ነጭ ነው። ስሙን ያወጡላቸው ጠላቶቻቸው ናቸው፤ ስድብ ነበር። እዚህ የማነሳቸው የአሜሪካ ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

እዚህ አዳማ፣ ፍራንኮ አካባቢ ቡና ላይ ይህን ታሪክ ሳነሳ ቶሎ የሚመጣው ጥያቄ «ታዲያ ባንዳ ነበሩ በለና!» የሚል ነው። አይፈረድም። በእኛ 1983 መንግሥት ሲቀየር የነበረ ሰው፣ ትናንት ለአሮጌው ያጨበጨበ ሁሉ በነጋታው ለአዲሱ ሲያጨበጭብ አይቷል። አድርባይ በአሜሪካም አልጠፋም። ግን ሁሉንም በጅምላ ባንዳ ማለት ትልቅ በደል ነው። ብዙዎቹ መጀመሪያውኑ ጦርነቱን ያልፈለጉ ሰዎች ነበሩ።

የስካላዋጎች ዋና መሠረት ተራራማው አገር ነው፦ ምሥራቅ ቴነሲ፣ የሰሜን ካሮላይና ምዕራባዊ ክፍል፣ ሰሜን አላባማ። እዚያ የጥጥ እርሻም ባሪያም ጥቂት ነበር። ገበሬው ለባሪያ አሳዳሪዎች ብሎ የሚሞትበት ምክንያት አልታየውም። በ1862 ደግሞ 20 እና ከዚያ በላይ ባሪያ ባለበት እርሻ አንድ ነጭ ከውትድርና ነፃ እንዲሆን ሕግ ወጣ። የድሃው ልጅ እየታፈሰ ሲዘምት የሀብታሙ ልጅ ቤቱ ቀረ። ጦርነቱ የሀብታም፣ ውጊያው የድሃ ነው የሚለው አባባል ያኔ በየመንደሩ ይሰማ ነበር። በከተማም እንዲህ ያሉ አልጠፉም። የሪችመንዷ ኤሊዛቤት ቫን ሉ በደቡቡ መንግሥት ዋና ከተማ ተቀምጣ ለሰሜኑ ጦር ትሰልል ነበር። በ1869 የከተማዋ ፖስታ ቤት ኃላፊ ሆና ተሾመች።

በ1867 ኮንግረስ ደቡቡን በወታደራዊ ቀጠና ከፋፍሎ ጥቁር ወንዶች እንዲመርጡ አደረገ። አዲሱ መንግሥት በሦስት ወገን ቆመ፦ ነፃ በወጡት ጥቁሮች፣ ከሰሜን በመጡት ሰዎችና በስካላዋጎች። አብረው አዳዲስ የክፍለ ግዛት ሕገ መንግሥቶች ጻፉ። በግብር የሚተዳደር የሕዝብ ትምህርት ቤት በደቡቡ ሁሉ ሥር የያዘው በእነዚህ ሕገ መንግሥቶች ነው። ከዚያ በፊት ትምህርት በአመዛኙ የከፋይ ልጅ ዕድል ነበር። ለእኔ ትልቁ ሥራቸው ይህ ነው።

ስለ አድርባይነት ክርክር ሲነሳ እኔ የማመጣው ጄኔራል ጄምስ ሎንግስትሪትን ነው። የደቡቡ ዋና ጄኔራል የሮበርት ሊ ቀኝ እጅ ነበር፤ እስከ መጨረሻው ተዋግቶ ከአለቃው ጋር እጁን ሰጠ። በ1867 ኒው ኦርሊንስ ሆኖ ደብዳቤ በጋዜጣ አወጣ። ተሸንፈናል፣ ሕጉን እንቀበል የሚል ነበር። የድሮ ጓደኛው ፕሬዚዳንት ግራንት በ1869 የጉምሩክ ሹመት ሰጠው። የጦር ጓዶቹ ግን ዓይንህ ላፈር አሉት። በጌቲስበርግ ውጊያ ደቡቡ የደረሰበት ሽንፈት ሳይቀር በእሱ ላይ ተላከከ። በመስከረም 1874 ዋይት ሊግ የተባለ የታጠቀ ቡድን የሉዊዚያናን መንግሥት ሊገለብጥ ወጣ። ሎንግስትሪት አብዛኞቹ ጥቁር የሆኑ ሚሊሻዎችንና የከተማውን ፖሊስ ይዞ ገጠመው። ከፊቱ የተሰለፉት ብዙዎቹ የድሮ ሠራዊቱ ሰዎች ነበሩ። ቆስሎ ተማረከ። መንግሥቱ የተመለሰው ከቀናት በኋላ የፌዴራል ጦር ሲደርስ ነው። አድርባይ እንዲህ ያለ ቦታ ላይ አይገኝም።

የሰሜን ካሮላይናው ገዥ ዊሊያም ሆልደንም ዋጋ ከፍሏል። በ1870 ኩ ክለክስ ክላን የተባለው የነጮች አሸባሪ ቡድን በአላማንስ ወረዳ ዋያት አውትሎው የተባለውን ጥቁር የፖለቲካ መሪ ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ላይ ሰቀለው። በካስዌል ወረዳ ደግሞ ነጩን የክፍለ ግዛት ሴናተር ጆን ስቲቨንስን እዚያው ፍርድ ቤት ውስጥ ገደለው። ሆልደን ሚሊሻ ላከ፤ ሰዎች ያለ ፍርድ አሰረ። የምክር ቤቱን ምርጫ ተቃዋሚዎቹ ሲያሸንፉ ከሰሱት። በ1871 ከሥልጣን ተነሳ፤ በክስ ከሥልጣኑ የተወገደ የመጀመሪያው የአሜሪካ ክፍለ ግዛት ገዥ ነው። የዚያው ክፍለ ግዛት ሴኔት ይቅርታ ያደረገለት በ2011 ነው።

ጥፋታቸውም መነገር አለበት። ብዙዎቹ ጥቁሩን ለድምፁ ፈለጉት እንጂ እኩልነቱን አልተቀበሉም። በ1868 የጆርጂያ ምክር ቤት ጥቁር አባላቱን ሲያባርር የለውጡ ፓርቲ አባላት የሆኑ ነጭ ሪፐብሊካኖችም ተባብረዋል። የጆርጂያ የጦርነት ዘመን ገዥ ጆሴፍ ብራውን ደግሞ ለውጡ ሲመጣ ሪፐብሊካን፣ ነፋሱ ሲዞር የለውጡ ተቃዋሚ ፓርቲ አባል፣ ዴሞክራት ሆነ። በኋላም ከመንግሥት በኪራይ የወሰዳቸውን እስረኞች በድንጋይ ከሰል ማዕድኑ እያሠራ በለጸገ። አድርባይ የሚለው ቃል ለእሱ ይሠራል።

በ1877 የፌዴራሉ ጦር ድጋፉን ሲያነሳ የመጨረሻዎቹ የሪፐብሊካን መንግሥታት ወደቁ። ተመልሰው የመጡት ዴሞክራቶች የትምህርት በጀት ቆረጡ፣ ቀስ በቀስም ጥቁሩን ከምርጫ አስወጡ። ታሪኩንም የጻፉት እነሱና ወዳጆቻቸው ናቸው። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በነበሩ መጻሕፍት ስካላዋግ ሌባና ከሃዲ ነው። ጥቁሩ ምሁር ደብልዩ ኢ ቢ ዱቦይስ በ1935 ይህን አተራረክ ሞገተ፤ አብዛኞቹ የታሪክ ሰዎች የእሱን ሙግት የተቀበሉት ግን ከ1960ዎቹ ወዲህ ነው። ኒው ኦርሊንስ ውስጥ ለዋይት ሊግ ተዋጊዎች በ1891 የቆመው ሐውልት የተነሳው በ2017 ነው።