የ«ሴንሶ» ፍቅር፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

«ፖለቲካ ፍቅራቸውን ገደለው።»

የጣሊያናዊውን ዳይሬክተር የሉኪኖ ቪስኮንቲን ፊልም «ሴንሶ» (1954 እ.ኤ.አ.) ካዩ ሰዎች ደጋግሜ የምሰማው ይህን ነው። ዘመኑ 1866 ነው፤ ቬኒስ በኦስትሪያ እጅ ናት። ጣሊያናዊቷ ኮንቴሳ ሊቪያ ሰርፒየሪ ኦስትሪያዊውን መቶ አለቃ ፍራንዝ ማህለርን አፈቀረች። ጠላትነት የለያቸው ይመስላል፤ ግን አይደለም። የአጎቷ ልጅ ሮቤርቶ ኡሶኒ ለአርበኞች የተዋጣ ገንዘብ በአደራ አስቀምጦባታል። ፍራንዝ ሐኪም በጉቦ ይዞ ከውጊያ መቅረት እንደሚቻል ሲነግራት፣ ያንኑ የአደራ ገንዘብ አውጥታ ሰጠችው። አርበኛ ሊታጠቅበት የነበረ ገንዘብ ጠላትን ከግንባር ማስቀሪያ ሆነ! ይህን ትዕይንት ባየሁ ቁጥር ያመኛል። በኋላ ቬሮና ድረስ ፈልጋው ስትሄድ ሰክሮ ከዝሙት አዳሪ ጋር አገኘችው፤ እያዋረደ ተሳለቀባት። እሷም ከውጊያ ማምለጡን የጻፈላትን ደብዳቤ ይዛ ለኦስትሪያው ጄኔራል አጋለጠችው፤ በጥይት ተረሸነ። ፍቅራቸውን የገደሉት ራሳቸው ናቸው።

«የጦርነቱ ታሪክ ለጌጥ የገባ ነው» የሚሉም አሉ። የመጀመሪያውን ትዕይንት ልብ ብለው ይመልከቱ። በቬኒሱ ላ ፌኒቼ ቲያትር የቬርዲ ኦፔራ «ኢል ትሮቫቶሬ» እየታየ ነው፤ የጦር ጥሪው መዝሙር ሲያበቃ ከላይኛው ሰገነት በጣሊያን ባንዲራ ቀለማት አረንጓዴ፣ ነጭና ቀይ ወረቀት በኦስትሪያ መኮንኖች ራስ ላይ ይዘንባል። ፍራንዝ ጣሊያኖችን ይሳደባል፣ ኡሶኒ ለፍልሚያ ይጠራዋል፣ ሊቪያም የአጎቷን ልጅ ልታድን ከፍራንዝ ጋር ትነጋገራለች። ፍቅሩ የተወለደው ከዚያ ግርግር ነው። ፊልሙ መነሻ ባደረገው የካሚሎ ቦይቶ አጭር ልብ ወለድ ውስጥ ኡሶኒ የሚባል ሰው የለም፤ የጦርነቱን ታሪክ ወደ ፍቅሩ እምብርት ያስገቡት የፊልሙ ደራሲዎች ናቸው።

«ጣሊያን ድል አድርጋ ቬኒስን ነጻ አወጣች።»

ጁን 24 ቀን ኩስቶዛ ላይ የጣሊያን ጦር ተሸንፏል። ቬኒስ ከኦስትሪያ የወጣችው የጣሊያን አጋር የነበረችው ጀርመናዊቷ መንግሥት ፕሩሲያ ጁላይ 3 ቀን ሳዶቫ ላይ ኦስትሪያን ስለሰበረች ነው። ፊልሙ ይህን ሽንፈት ማሳየቱ በ1954 የጣሊያን ባለሥልጣናትን አስቆጥቷል፤ መደበኛው ጦር የኡሶኒን በጎ ፈቃደኞች የሚመልስበት ትዕይንት ተቆርጦ ወጥቷል።

መጨረሻውም ቢሆን ቪስኮንቲ ያሰበው አልነበረም። እሱ እንደተናገረው በመጀመሪያው ሐሳቡ የፍራንዝ መረሸን አይታይም ነበር፤ ሊቪያ በሰከሩ ወታደሮች መካከል ስታልፍ ከታየች በኋላ፣ የመጨረሻው ምስል ግድግዳ ተደግፎ የድል ዘፈን የሚዘፍን፣ ከዚያም ዘፈኑን አቋርጦ የሚያለቅስ አንድ ለጋ ኦስትሪያዊ ወታደር ነበር።