ዲግሌዝ ምንድን ነው? መጥበሻው ሥር ስለሚቀረው ጣዕም

እናቴ ጥብስ ሠርታ ስትጨርስ መጥበሻውን ወዲያው አታጥብም ነበር። ትንሽ ውኃ ጠብ ታደርግበታለች። ከዚያ እንጀራ ቆራርጣ ትጨምርና በእንጨት ማንኪያ እየፋቀች ታገላብጠዋለች። እኛ ልጆች ከጥብሱ ይልቅ በዚያች ፍርፍር ነበር የምንጣላው። ለዚህ አሠራር ስም አልነበረንም። ምግብ አብሳዮች ዲግሌዝ ይሉታል፤ ቃሉ ከፈረንሳይኛ የመጣ ነው።

ዲግሌዝ ማለት ሥጋ ከተጠበሰ በኋላ መጥበሻው ላይ ተጣብቆ የቀረውን ቡናማ ነገር በፈሳሽ አስለቅቆ ሶስ ማድረግ ነው። ፈሳሹ ውኃ ሊሆን ይችላል። መረቅ፣ ወይን፣ ጠጅ፣ አረቄም ይሆናል።

እዚህ ባሕር ዳር ከጓደኞቼ ጋር ቤት ውስጥ ስቴክ መሥራት ከጀመርን ወዲህ አንድ ጥያቄ ይደጋገማል። «ያ በኮክቴል የሚሠራው ሶስ እንዴት ነው?» ይሉኛል። ብዙዎቹ ኮክቴሉ፣ ማለትም ቅልቅሉ የአልኮል መጠጥ፣ ተበጥብጦ ሥጋው ላይ የሚፈስ ይመስላቸዋል። አይደለም። ኮክቴሉ ውስጥ የሚገቡት ነገሮች ተራ በተራ ወደዚያ መጥበሻ ይገባሉ። ዲግሌዝ የገባው ሰው ሶሱም ይገባዋል።

መጀመሪያ ስለ ቡናማው ነገር። ሥጋ ውስጥ ያሉ አሚኖ አሲዶችና ስኳሮች በኃይለኛ ሙቀት ሲገናኙ አዲስ ሽታ፣ አዲስ ጣዕምና ቡናማ ቀለም ይፈጠራል። ይህን በ1912 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር የገለጸው ፈረንሳዊው ሉዊ ካሚል ማያር ነው፤ ሂደቱም በስሙ ይጠራል። በደንብ የሚሠራው ሙቀቱ 140 ዲግሪ ሴልሺየስ አካባቢ ሲደርስና ከዚያ ሲያልፍ ነው። ባሕር ዳር ደግሞ ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ስላለች ውኃ እዚህ የሚፈላው በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ሥጋው እርጥብ ከሆነ ያ ውኃ ተንኖ እስኪያልቅ ድረስ ሙቀቱ ከፍ አይልም። ሥጋው ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም። መልኩም አመድማ ይሆናል። ስለዚህ መጥበሻው ላይ ከማስቀመጣችሁ በፊት ሥጋውን በሶፍት ደህና አድርጋችሁ አድርቁት። ይህችን ነገር የሚዘል ሰው ሳይ በጣም ይቆጨኛል። ሥጋ ውድ ነው።

መጥበሻው ወፍራም ብረት ይሁን። የማይዘው ዓይነት ለእንቁላል ጥሩ ነው፤ እዚህ ግን ካልያዘ የምናስለቅቀው ነገር አይኖርም። ሥጋው ሽንጥ ወይም ፊሌቶ ቢሆን ይመረጣል፤ ውፍረቱ ሁለት ጣት ያህል። የፎገራ ከብት አገር ላይ ሆነን የሥጋ ችግር የለብንም። ችግሩ የዛሬ እርድ ካልሆነ አንፈልግም ማለታችን ነው። ለጥሬ ሥጋ ልክ ነው። ለስቴክ ግን ፍሪጅ ውስጥ ሦስት አራት ቀን ሲያድር ይለሰልሳል።

አሁን ወደ ኮክቴሉ። በ1806 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር አንድ የኒውዮርክ ግዛት ጋዜጣ ኮክቴል ምን እንደሆነ ለአንባቢ ሲያስረዳ አራት ነገር ቆጥሯል፦ ጠንካራ መጠጥ፣ ስኳር፣ ውኃና መራራ ቅመም። ኦልድ ፋሽንድ የሚባለው የውስኪ ኮክቴል ዛሬም በዚሁ መንገድ ነው የሚሠራው፤ የብርቱካን ልጣጭ ይጨመርበታል። እስቲ ጠጅን አስቡት። ማር፣ ውኃ፣ መራራው ጌሾ፣ ከመብላላቱ የሚመጣው አልኮል። ጠጅ እንደ አረቄ በትነት የሚወጣ ጠንካራ መጠጥ ስለሌለበት ኮክቴል አይባልም። ጣፋጩና መራራው የሚመዛዘንበት መንገድ ግን አንድ ነው። ለዚህ ነው ጠጅ ከተጠበሰ ሥጋ ጋር እንዲያ የሚስማማው። ጠጅ ቤት የሄደ ሰው ይህን በምላሱ ያውቀዋል።

እኔ ቤት የኦልድ ፋሽንዱ ሶስ እንዲህ ነው የሚሠራው። ሥጋው በዘይት በአንድ በኩል ሦስት አራት ደቂቃ፣ በሌላውም እንዲሁ ይጠበሳል። ከዚያ ሳህን ላይ ያርፋል። የቀረው ዘይት ይደፋል። መጥበሻው ሥር ያለው ቡናማ ከሆነ ደስ ይበላችሁ። ጥቁር ከሆነ አርሯልና እጠቡት፤ ሶሱ ይመራል። ከዚያ አንድ መለኪያ ውስኪ። የጎጃም ዳጉሳ አረቄም ይሆናል፤ ጭስ ጭስ የሚለው ጣዕሙን እንዲያውም እመርጠዋለሁ።

እዚህ ላይ አደራ። መጠጡን ከማፍሰሳችሁ በፊት መጥበሻውን ከእሳቱ ላይ አንሱት። አንድ ቀን ሳላነሳ አፈሰስኩ። ነበልባሉ እስከ ፊቴ መጣ። የአልኮል ትነት ጋዝ ምድጃ አጠገብ ቀልድ አያውቅም። ከጠርሙሱም በቀጥታ አታፍስሱ፤ በመለኪያ ቀድታችሁ ይሁን።

መጥበሻውን በቀስታ እሳት ላይ መልሱና በእንጨት ማንኪያ ሥሩን ፋቁ። ሲለቅ ፈሳሹ ቡናማ ይሆናል። አንድ የሻይ ማንኪያ ማርና ትንሽ የብርቱካን ልጣጭ ጨምሩ። ለመራራው የውጭዎቹ ቢተርስ የሚባለውን መራራ ፈሳሽ ቅመም ይጠቀማሉ። እኔ ግን አንድ ማንኪያ ወፍራም የዘጌ ቡና ነው የምጨምረው። ቡናውም፣ ሎሚውም፣ ጌሾውም ከሐይቁ ማዶ ከዘጌ ነው የሚመጣልን። ፈሳሹ በግማሽ ሲቀንስ ሥጋው ሲያርፍ ሳህኑ ላይ ያወጣውን ጭማቂ መልሱበት። ሁለት ጠብታ ሎሚም ይግባ። ከእሳት ካወረዳችሁ በኋላ ቀዝቃዛ የገበታ ቅቤ ጨምራችሁ መጥበሻውን አወዛውዙ። ንጥር ቅቤ እዚህ ቦታ አይሆንም። ሲነጠር ውኃውና የወተቱ ነገር ስለወጣለት ከሶሱ ጋር አይዋሃድም፤ ላዩ ላይ ዘይት ሆኖ ይንሳፈፋል።

አንድ የተለመደ ስህተት አለ። «ሲፈላ አልኮሉ ሁሉ ይተናል» ይባላል። አይተንም። 15 ደቂቃ የፈላ ምግብ ውስጥ እንኳ 40 በመቶ ያህሉ ሊቀር እንደሚችል ተለክቷል። የእኛ ሶስ ደግሞ እሳት ላይ የሚቆየው ሦስት አራት ደቂቃ ብቻ ነው። ስለዚህ ለልጆች፣ ለነፍሰ ጡር፣ በሃይማኖትም ሆነ በሌላ ምክንያት ለማይጠጣ እንግዳ ይህን ሳይነግሩ ማቅረብ ነውር ነው።

ለእነሱ ብርዝ አለ። ያልተብላላ የማር ውኃ፣ አንድ ማንኪያ ቡና፣ ሎሚው ትንሽ በርከት ብሎ። በጣም ይጣፍጣል፤ እናቴ የምትወደውም ይኼኛውን ነው። አልኮል ስለሌለው ነበልባል አያስነሳም። ማሩ ግን ቶሎ ያራልና እሳቱን ቀንሱ፤ ከምድጃውም አትራቁ።