ሲንቴቲክ ጨርቅና የሴቶች አለባበስ በደሴና በኮምቦልቻ

ደሴ ፒያሳም ሆነ ሰኞ ገበያ ልብስ ቤት ብትገቡ ለሴት የተሰቀለው አብዛኛው ጥጥ አይደለም፣ ሽፎኑም ክሬፑም ሳቲኑም በብዛት ፖሊስተር ነው፣ ታይቱ ደሞ ሊክራ የሚባል የሚለጠጥ ክር አለበት። ሲንቴቲክ የሚባሉት እነዚህ ክሮች ከነዳጅ የሚወጡ ናቸው፤ ናይለንን እኤአ በ1935 አሜሪካ ዱፖንት ኩባንያ ውስጥ የኬሚስቱ የካሮዘርስ ቡድን ሰራው፣ በ1940 የሴቶች ስቶኪንግ ሆኖ ተሸጠ፣ ፖሊስተር በ1941 እንግሊዝ አገር፣ ሊክራ በ1958 መጡ።

እኛ ጋ ትልቁን ለውጥ ያመጣው የሀበሻ ቀሚስ ላይ ነው። ድሮ እናቶች ጥጡን ዳምጠው፣ ነድፈው፣ በእንዝርት ፈትለው ለሸማኔ ይሰጡ ነበር፣ አንድ ቀሚስ ስንት ጊዜ ይፈጃል መሰላችሁ፣ ስለዚህ ለአውዳመትና ለሰርግ ብቻ ነበር የሚወጣው። አሁን ጥለቱ የታተመበት ሽፎን በቅናሽ ተገዝቶ ይሰፋል፣ ቀላል ነው፣ አይጨማደድም፣ ሴቷ ስራ ቦታም ለብሳው ትሄዳለች፣ ይሄ ቀላል ነገር አይደለም። ግን በፈትል ይተዳደሩ የነበሩ እናቶች ገቢ ተነካ፣ እኔን የሚቆጨኝ እሱ ነው። ወሎ ደሞ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም አንድ ቤት የሚኖርበት አገር ስለሆነ ከዛው ሱቅ የተገዛ ክሬፕ ለአንዷ አባያ ለእህቷ ጉርድ ቀሚስ ይሆናል።

አየሩም ይለያያል። ደሴ ብርድ ነው፣ ክረምት ላይ ጥጥ አልደርቅ ሲል ፖሊስተር ቶሎ ይደርቃል። ኮምቦልቻ ወርዳችሁ በሙቀት ስትለብሱት ግን ላብ አይመጥም፤ ጥጥ ከክብደቱ 8 በመቶ ያህል እርጥበት ይይዛል፣ ፖሊስተር ግማሽ በመቶ እንኳ አይሞላም።

ኮምቦልቻ በጥጥ ጨርቃጨርቅ ፋብሪካዋ ነበር የምትታወቀው፣ በ2009 ዓ.ም ኢንዱስትሪ ፓርኩ ተመረቀ፣ ካርቪኮ የሚባለው የጣልያን ድርጅት ለዋና ልብስና ለስፖርት የሚሆን የሚለጠጥ ሲንቴቲክ ጨርቅ ይዞ መጣ። በ2014 ዓ.ም በሰሜኑ ጦርነት ፓርኩ ተዘርፎ ስራው ሲቆም ብዙ ሴት ሰራተኞች ተጎድተዋል።

አንድ ነገር ግን ሁሉም ሴት ይወቅ፣ ቡና ስታፈሉ ፍም ቢፈነጠር ፖሊስተርና ናይለን ቀልጦ ቆዳ ላይ ይጣበቃል፣ ጉዳቱ ከባድ ነው፣ ከሰል አጠገብ ስትቀመጡ የጥጥ ልብስ ይሻላል። ጨርቁን መለየት ከፈለጋችሁ ከጠርዙ ክር መዛችሁ ክብሪት ለኩሱበት፣ ጥጥ እንደ ወረቀት ነዶ አመድ ይሆናል፣ ሲንቴቲክ ተጨማድዶ ጠንካራ ፍሬ ይሰራል፣ ድብልቅ ከሆነ ሁለቱንም ታያላችሁ።