የድሮ ቴፕና ሸክላ ማጫወቻ ቻናል፦ ፍቅሩ እንዴት ገቢ ይሆናል?

አርባ ዓመት የሞላው የካሴት ቴፕ ሲከፈት ብዙ ጊዜ መጀመሪያ ዓይን ውስጥ የሚገባው ዝፍት የመሰለ ጥቁር ነገር ነው። ይህ ሞተሩን ከሚሽከረከረው ጎማ ጋር የሚያገናኘው የላስቲክ ቀበቶ ነው። በዕድሜ ብዛት ቀልጦ ብረቱ ላይ ተለጥፏል። ጣት ላይ ከያዘ በሳሙና አይለቅም። በጥጥና በአልኮል፣ ቀስ እየተባለ ነው የሚጠረገው። አንዳንዴ ግማሽ ቀን ይፈጃል። ከዚያ አዲስ ቀበቶ ይገባል፣ ሄዱ (ከካሴቱ ክር ላይ ድምፁን የሚያነበው ክፍል) ይጸዳል፣ ካሴት ይከተትና ፕለይ ይጫናል። ድምፁ ሲመጣ ጠጋኙ ለትንሽ ጊዜ ዝም ይላል።

ይህንን ጥገና ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ቁጭ ብለው የሚያዩ ሰዎች በዓለም ላይ ብዙ ናቸው። የድሮ የድምፅ ዕቃ ቻናል የሚባለውም ይኸው ነው። አንድ ሰው ያረጁ ቴፖችን፣ የሸክላ ማጫወቻዎችን፣ አምፕሊፋየሮችንና እስፒከሮችን ይገዛል፣ ይጠግናል፣ ያወዳድራል፣ ታሪካቸውን ይናገራል። ሁሉንም በቪዲዮ ያሳያል፤ ከዚያም ገቢ ያገኛል። ሥራው በተለይ በእንግሊዝ፣ በአሜሪካና በካናዳ ሥር ሰድዷል። (እዚህ ያሉት ዓመታት በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ የኛ ሲሆን እናገራለሁ።)

ፍላጎቱ ከየት መጣ?

ካሴትን ፊሊፕስ በ1963 በርሊን ውስጥ ለሕዝብ አሳየ። የሶኒ ዎክማን በ1979 ወጣ። ሲዲ በ1982 ገበያ ሲገባ ብዙ ሰው ሸክላና ካሴት ያበቃላቸው መስሎት ነበር። ሸክላ ግን ተመልሶ መጣ። በአሜሪካ በ2020 የሸክላ ሽያጭ ገቢ ከ1986 ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሲዲ በለጠ። በ2022 ደግሞ በብዛትም በለጠ፤ 41 ሚሊዮን ሸክላ ሲሸጥ ሲዲው 33 ሚሊዮን ነበር።

ሸክላ የገዛ ሰው ማጫወቻ ይፈልጋል። አዲሱ ዕቃ ሁልጊዜ ከድሮው አይሻልም። በካሴት በኩል ጉዳዩ በጣም ግልጽ ነው። ዛሬ የሚሸጡ አዳዲስ የካሴት ማጫወቻዎች አብዛኞቹ ውስጣቸው አንድ ዓይነት ነው፤ አንድ ርካሽ የድሮ ማሽን እየተገለበጠ ይሠራባቸዋል። የካሴትን ሹክሹክታ የሚቀንሰው ዶልቢም የላቸውም። ስለዚህ ጥሩ ድምፅ የሚፈልግ ሰው ዞሮ ዞሮ ወደ 1970ዎቹና 80ዎቹ ዕቃ ይመለሳል። ያ ዕቃ ደግሞ ጠጋኝ ይፈልጋል፤ ጠጋኞቹ ግን ዕድሜያቸው ገፍቷል፣ ሱቃቸውን የዘጉም ብዙ ናቸው። ክፍተቱን የሞላው ቪዲዮ ነው።

ተመልካች ምን ፍለጋ ይመጣል?

ጀማሪዎች ብዙ ጊዜ የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። የሚያምር ዕቃ ሰብስበው መደርደሪያ ላይ ያሳያሉ። ያ ለአንድ ቀን ይታያል። ለዓመታት የሚታየው ግን ችግር ተፈትቶ የሚያሳየው ቪዲዮ ነው። ምክንያቱም ቀላል ነው። የሆነ ቦታ ያለ ሰው የአባቱን አምፕሊፋየር ከቁም ሳጥን ላይ አውርዶ ሲያበራ በግራ በኩል ድምፅ የለም። ጀርባው ላይ ያለውን የሞዴል ቁጥር ስልኩ ላይ ይጽፋል። ያን ቁጥር በርዕሱ ላይ የጻፈ፣ ያንኑ ብልሽት ያሳየ ቪዲዮ ካለ ሰውየው ያገኘዋል። ከአምስት ዓመት በኋላም ሌላው ያገኘዋል። ዜና ያረጃል፤ የጥገና ቪዲዮ ግን ዕቃው ሰው ቤት እስካለ ድረስ ይሠራል።

ቴክሞውን የተባለው የእንግሊዝ ቻናል መጀመሪያ የመኪና ካሜራና መሰል ዕቃዎችን ይገመግም ነበር። እየቆየ ግን ሰው የረሳቸውን የድምፅ መቅረጫ ዓይነቶች ወደማሳየት ዞረ። የሶኒን ትልቅ ካሴት ኤልካሴትን፣ በጀርመን የተሠራውን ቴፊፎን፣ በሽቦ ላይ የሚቀዳ መሣሪያ ጭምር አሳይቷል። ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተከታይ አለው። የካናዳው ሚስተር ካርልሰንስ ላብ ሌላ መንገድ ነው የሄደው። በመስታወት አምፖል (ቫክዩም ቲዩብ) የሚሠሩ የድሮ ሬዲዮኖችንና አምፕሊፋየሮችን ረጅም ሰዓት ወስዶ፣ እያንዳንዱን ክፍል እያብራራ ይጠግናል። ጠለቅ ያለውን ትምህርት በየወሩ ለሚከፍሉ ደጋፊዎቹ ያቀርባል። የመጀመሪያው ጉጉትን ያረካል፣ ሁለተኛው ሙያ ያስተምራል። ሁለቱም ለየብቻ ይቻላሉ። እኔ ግን ለጀማሪ ሁለተኛውን እመርጣለሁ፤ ብርቅ ዕቃ መግዣ ገንዘብ አይጠይቅማ።

ሥራው ሲሠራ

ለመጀመር የሚያስፈልገው ብዙ አይደለም። መበየጃ፣ መልቲሜትር (የኤሌክትሪክ መለኪያ)፣ ጥሩ ጠመንጃ መፍቻዎች፣ አልኮል፣ የኮንታክት ማጽጃ ስፕሬይ፣ ከላይ ወደ ጠረጴዛው የሚያይ አንድ ካሜራ ወይም ስልክ። ብርሃን ከካሜራ ይበልጣል። እጅ የሚሠራውን ነገር ጥላው ከጋረደው ተመልካች ይሄዳል።

ከአምፕሊፋየር ጋር ሲሠራ ጥንቃቄ ያሻል። ትልልቆቹ ካፓሲተሮች ሶኬት ከተነቀለም በኋላ ኤሌክትሪክ ይዘው ይቆያሉ። የአምፖል አምፕሊፋየር ውስጥ ያለው በመቶዎች የሚቆጠር ቮልት ነው፤ ይገድላል። ይህንን በቪዲዮው ላይ መናገር ግዴታ ነው ብዬ አምናለሁ። የሚያየው ሰው ነገ ብቻውን ይከፍተዋል።

ድምፁን በስልክ ማይክ ከእስፒከሩ ፊት መቅዳት ትልቁ ስህተት ነው። ከማጫወቻው ጀርባ ባለው መውጫ በገመድ ወደ ኮምፒውተር መቅዳት ይሻላል። ያም ሆኖ ዩቲዩብ ድምፁን ስለሚጨምቀው ሁለት እስፒከሮችን በቪዲዮ አወዳድሮ መፍረድ አይቻልም። ይህን ለተመልካች በግልጽ የሚነግር ሰው ይታመናል። የሚታይና የሚለካ ነገር ግን አለ። የ3,150 ኸርዝ (በሰከንድ የሚርገበገብበት ብዛት) ድምፅ የተቀዳበት የመለኪያ ካሴት ሲጫወት የሚነበበው ቁጥር ከዚህ ከፍ ካለ ቴፑ ይፈጥናል፣ ዝቅ ካለ ይጎተታል። ከጥገናው በፊትና በኋላ ቁጥሩን ማሳየት ከብዙ ንግግር ይበልጣል።

የዘፈኑ መብት

የድምፅ ዕቃ ያለ ሙዚቃ አይታይም፤ ሙዚቃው ግን ባለቤት አለው። ዩቲዩብ ዘፈን የሚለይበት ዘዴ አለው። ባለመብቱ ከፈለገ የቪዲዮውን የማስታወቂያ ገቢ ራሱ ይወስዳል ወይም ቪዲዮውን ያስዘጋል። አሥር ሰከንድ ብቻ ካጫወትኩ ችግር የለውም የሚባለው ወሬ መሠረት የለውም። በ90 ቀን ውስጥ ሦስት የቅጂ መብት ቅጣት ያገኘ ቻናል ሊዘጋ ይችላል።

የኛ አገር አዋጅ ቁጥር 410/1996 (የኛ አቆጣጠር) ለድምፅ ቅጂ 50 ዓመት ጥበቃ ይሰጣል። የግጥሙና የዜማው ደራሲ መብት ግን በሕይወት እስካለና ከሞተ 50 ዓመት እስኪሞላው ይቆያል። ስለዚህ ሸክላው አርጅቷልና ነጻ ነው ማለት አይቻልም። መፍትሔው ቀላል ነው፤ ክራር የሚጫወት ጓደኛን ለምኖ የራሱን አንድ ዜማ በካሴት መቅዳትና ለሙከራ ሁልጊዜ እሱን ማጫወት።

ገንዘቡ ከየት ከየት ይመጣል?

ብዙ ሰው መጀመሪያ የሚያስበው ማስታወቂያ ነው። ዩቲዩብ ከማስታወቂያ ገቢ ለማካፈል 1,000 ተከታይና በ12 ወር ውስጥ 4,000 ሰዓት እይታ ይጠይቃል። በአጫጭር ቪዲዮ ከሆነ በ90 ቀን 10 ሚሊዮን እይታ ነው። ከረጅም ቪዲዮ ማስታወቂያ ለባለቻናሉ 55 በመቶ፣ ከአጫጭሩ 45 በመቶ ይደርሰዋል። ተመልካች በአባልነት ከሚከፍለው ደግሞ 70 በመቶ።

ይህ የገቢ ማካፈያ ፕሮግራም በሁሉም አገር አይሠራም። ሥራ ከመጀመሩ በፊት የሚኖሩበት አገር ዝርዝሩ ውስጥ መኖሩን ማየት ይገባል። ከአሜሪካ አገር ውጭ የሚኖር ሰው አሜሪካ ካሉ ተመልካቾች ከሚያገኘው ገቢ እስከ 30 በመቶ ግብር ሊቆረጥበት ይችላል። የግብር ቅጹን ያልሞላ ሰው የባሰ ይጎዳል። የማስታወቂያ ዋጋም ተመልካቹ እንዳለበት አገር ይለያያል፤ ዋሽንግተን ያለ ተመልካችና አዲስ አበባ ያለ ተመልካች እኩል ገቢ አያስገኙም።

እውነቱን ለመናገር ማስታወቂያ ብዙ ጊዜ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ቀድሞ የሚመጣው የተጠገነው ዕቃ ሽያጭ ነው። ቪዲዮው ራሱ ዋስትና ይሆናል፤ ገዢው ምን እንደተቀየረ በዓይኑ አይቷል። ቀጥሎ የጥገና ሥራ ይመጣል። የቀበቶና የመርፌ ሽያጭ፣ የሚጠቀሙበትን መሣሪያ በአገናኝ አስገዝቶ ኮሚሽን ማግኘት፣ ወርሃዊ ደጋፊዎች እየቆዩ ይጨመራሉ። ስፖንሰር ሲመጣ ግን በግልጽ መናገር ነው። ለከፈለ ሁሉ ጥሩ ነው የሚል ጠጋኝ አይታመንም፤ ይህ ቻናል ደግሞ የቆመው በእምነት ላይ ነው።

የባሕር ዳሩ ካሴት

ከድሮ ካሴት ፍቅር ገቢ የተገኘበት፣ እኛንም በቀጥታ የሚነካ አንድ ታሪክ አለ። ብራያን ሺምኮቪትዝ የተባለ አሜሪካዊ ጋና ቆይቶ ብዙ ካሴት ይዞ ተመለሰ። በ2006 ኦሰም ቴፕስ ፍሮም አፍሪካ በሚል ስም ካሴቶቹን በኢንተርኔት ማሰማት ጀመረ። በ2011 ሥራውን ወደ ሙዚቃ አሳታሚነት አሳደገው። ከዚያ ባሕር ዳር ውስጥ አንድ የኃይሉ መርጊያ ካሴት አገኘ፤ በ1985 የወጣ፣ አኮርዲዮንና ኪቦርድ ያለበት። የዋሊያስ ባንዱ ኃይሉ በዚያን ጊዜ ዋሽንግተን አካባቢ ታክሲ ይነዳ ነበር። ኪቦርዱን መኪናው ውስጥ ይዞ፣ ተሳፋሪ ሲጠብቅ ይለማመድ ነበር። ሺምኮቪትዝ ፈልጎ አገኘው፣ ተስማሙ፣ ሥራው በ2013 እንደገና ታተመ። ኃይሉ ወደ መድረክ ተመለሰ፤ በ2018 አዲስ አልበም አወጣ።

እዚህ ታሪክ ውስጥ ትልቁ ነገር ባለቤቱ መፈለጉ ነው። ዛሬ በአማርኛ የድሮ ዘፈን የሚጭኑ ቻናሎች ብዙ ናቸው። አንድ ፎቶ ለጥፈው የሰው ዘፈን ይጭናሉ። ዩቲዩብ እንዲህ ያለውን የሰው ሥራ ብቻ የሚደግም ቻናል ከገቢ ያግዳል። ከዚያ በላይ ግን ዘፋኙ ወይም ቤተሰቡ ምንም አያገኙም። ይሄ ያሳዝነኛል።

በኛ በኩል የሚቻለው

ሥራው በአማርኛ ገና ብዙ አልተነካም። ዕቃው ግን አለ። አምሃ እሸቴ ከ1969 እስከ 1975 ባለው ጊዜ 103 ነጠላ ሸክላዎችና 12 ኤልፒዎች አሳትሟል፤ ዛሬ ሰብሳቢዎች በውድ ይገዟቸዋል። ከዚያ በኋላ የካሴት ዘመን መጣ። ባትሪ እንዳያልቅ ካሴትን በቢክ እስክርቢቶ ያጠነጠነ ትውልድ ገና በሕይወት አለ። ዕቃው ምናለሽ ተራ ይገኛል፣ ቆራሌው ከየቤቱ ይሰበስበዋል፣ ብዙ ቤት ደግሞ ቁም ሳጥን ላይ ዳንቴል ለብሶ ተቀምጧል።

ከአሜሪካ የሚመጣ ዕቃ የራሱ ጣጣ አለው። 120 ቮልት ሆኖ ያለ ትራንስፎርመር 220 ላይ ሲሰካ ወዲያው ይቃጠላል። ትራንስፎርመር ቢገኝም አንዳንድ የድሮ ሸክላ ማጫወቻ ሌላ ችግር ያመጣል። ሞተሩ በመብራቱ ኸርዝ ላይ ተመርኩዞ የሚዞር ከሆነ፣ ለአሜሪካ 60 ኸርዝ የተሠራው በኛ 50 ኸርዝ ይዘገያል። በደቂቃ 33 ጊዜ ከሲሶ መዞር ያለበት ሸክላ ወደ 28 ይወርዳል፤ የሴት ዘፋኝ ድምፅ የወንድ ይመስላል። ትራንስፎርመር ቮልት እንጂ ኸርዝ አይቀይርም። ስንት ሰው ማጫወቻው ተበላሽቷል ብሎ ጥሎታል? ይህን ብቻ የሚያስረዳ አንድ የአማርኛ ቪዲዮ ብዙ ዕቃ ያድናል።

የቤተሰብ ካሴት ወደ ኮምፒውተር መገልበጥ ደግሞ መብት የማያከራክር ሥራ ነው። የሠርግ ቅጂ፣ ከውጭ በደብዳቤ ፋንታ የተላከ የድምፅ መልእክት፣ የአያት ፉከራ። ዲያስፖራው ይከፍልበታል፣ ፈቃድ ከሰጠም ጥሩ ቪዲዮ ይወጣዋል። ለዚህ ሥራ ከምንም በላይ የሚጠቅመው ከሄዱ አጠገብ ያለች አንዲት ትንሽ ብሎን ናት። ካሴቱ በሌላ ቴፕ የተቀዳ ስለሆነ የሄዱ አቀማመጥ አይገጥምም፤ ድምፁ ብርድ ልብስ ውስጥ ያለ ይመስላል። እያዳመጡ ብሎኗን በጣም በትንሹ፣ ወዲህና ወዲያ ማዞር ነው። አንድ ቦታ ላይ «ሰ» እና «ሸ» ጥርት ብለው ይወጣሉ። እዚያ ማቆምና መቅዳት መጀመር። ለሚቀጥለው ካሴት እንደገና ይስተካከላል።