«እኛ በድለናል»፦ ስለ አይሁድ የጋራ ኑዛዜ የሚነገሩ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ኑዛዜ ሲባል ለአብዛኞቻችን ቶሎ የሚታየን የንስሐ አባትና ከፊታቸው አንገቱን ደፍቶ የቆመ ሰው ነው። ሁለት ሰዎች፣ ምስጢር፣ ከዚያ ፍትሐት። የአይሁድ ኑዛዜ ግን ሌላ መልክ አለው። ምኩራብ ሙሉ ሰው ይቆማል፤ ሁሉም ደረቱን በእጁ እየደቃ «በድለናል፣ ከድተናል፣ ዘርፈናል» ይላል። በዕብራይስጥ ቪዱይ ይሉታል። በተለይ በዮም ኪፑር፣ ማለትም በስርየት ቀን፣ ደጋግመው ይጸልዩታል።

እኔ ይህን ጸሎት በጣም እወደዋለሁ። ስለዚህ ሰው ሳያውቀው ሲያጣጥለው ዝም ማለት ይከብደኛል። ብዙ ጊዜ የሚነገሩትን ነገሮች አንድ በአንድ ልያዛቸው።

«ለረቢው ይናዘዛሉ፣ ረቢው ይፈታቸዋል»

አይደለም። በቪዱይ ውስጥ አናዛዥ የለም። ረቢው ከሌላው ሰው ጋር ቆሞ የራሱን ደረት ይመታል። መጀመሪያ እያንዳንዱ ሰው በለሆሳስ ለራሱ ይጸልያል። ቀጥሎ መሪው ድምፁን ከፍ አድርጎ ሲደግመው ጉባኤው አብሮት ይላል። «ተፈትተሃል» የሚል ሰው የለም። ንግግሩ ከእግዚአብሔር ጋር ነው።

ቤተ መቅደሱ በነበረበት ዘመንስ? ያኔ ሊቀ ካህናቱ ስለ ሕዝቡ ይናዘዝ ነበር። በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 16 አሮን እጆቹን በፍየሉ ራስ ላይ ጭኖ የእስራኤልን በደል ሁሉ ይናዘዛል። ሚሽና፣ ማለትም የረቢዎች ጥንታዊ የሕግ ስብስብ፣ ደግሞ «ዮማ» በሚባለው ክፍሉ ቅደም ተከተሉን ያስቀምጣል። ሊቀ ካህናቱ መጀመሪያ የሚናዘዘው ስለ ራሱና ስለ ቤተሰቡ ነው። ከዚያ ስለ ካህናት ወገኖቹ ይናዘዛል። የሕዝቡ ተራ የሚደርሰው በመጨረሻ ነው። ትልቁ ሰውዬ እንኳ ከራሱ ነበር የሚጀምረው።

እዚህ ላይ ለእኛ ቅርብ የሆነ ነገር አለ። በኢትዮጵያ የነበሩት ቤተ እስራኤላውያን ለቄሶቻቸው የመናዘዝ ልማድ እንደነበራቸው ተጽፏል። ስለዚህ ከጎንደር ወደ እስራኤል የሄዱ አንድ አዛውንት «እኛ ጋ ቄሱ ነበሩ የሚያናዝዙን» ቢሉ ትክክል ናቸው። የሌሎቹ አይሁድ ሥርዓት ግን እንደዚያ አይደለም።

«ያልሰረቀ ሰው ‹ሰርቀናል› ማለቱ ውሸት ነው»

ይህ ጥያቄ ከሁሉም ይከብዳል። ስለዚህ ረጋ ብለን እንየው።

አጭሩ ኑዛዜ «አሻምኑ» ይባላል፤ በመጀመሪያው ቃሉ የተጠራ ነው። እንዲህ ይሄዳል፦ አሻምኑ፣ ባጋድኑ፣ ጋዛልኑ፣ ዲባርኑ ዶፊ። በድለናል፣ ከድተናል፣ ዘርፈናል፣ ሰው አምተናል። በእያንዳንዱ ቃል ላይ ጭብጥ የተደረገ እጅ ደረትን፣ በልብ በኩል፣ ይመታል። በሕይወቱ የሰው ሳንቲም ነክቶ የማያውቅ ሽማግሌም «ዘርፈናል» ሲባል ደረቱን ይመታል። ምን ማለቱ ነው?

አንደኛው መልስ ከታልሙድ፣ ማለትም ሚሽናን ከሚያብራራው ሰፊ የረቢዎች መጽሐፍ፣ የመጣ ነው። እስራኤል ሁሉ አንዱ ለሌላው ዋስ ነው ይላል። ዋስትና ምን እንደሆነ እኛ አገር ማንም ያውቃል። ተበዳሪው ሲጠፋ ዋሱ ይጠየቃል። «እኔ አልተበደርኩም» ቢል ማንም አይሰማውም፤ ፈርሟላ። በ16ኛው መቶ ዘመን በገሊላ ጸፋት ከተማ ያስተማረው ረቢ ይስሐቅ ሉሪያ ደግሞ ሕዝቡ ሁሉ አንድ አካል ነው ብሎ አስረዳ። እጅ ቢያጠፋ እግር ከደሙ ንጹሕ ነኝ አይልም። ስለዚህ ያልሠሩትንም ኃጢአት መናዘዝ ተገቢ ነው አለ።

መጽሐፍ ቅዱስን ለሚያነብ ሰው ይህ እንግዳ ሊሆንበት አይገባም። ነቢዩ ዳንኤል ምዕራፍ 9 ላይ ሲጸልይ «እነሱ በደሉ» አላለም። «ኃጢአትን ሠርተናል፣ በድለናል» አለ። ያ ጻድቅ ሰው ራሱን ከሕዝቡ አላወጣም። እኛም በየቀኑ በአባታችን ሆይ «በደላችንን ይቅር በለን» እንላለን እንጂ «በደሌን» አንልም።

ለእኔ ግን ከሁሉ የሚበልጠው ሌላ ምክንያት ነው። እስቲ አንድ ሰው አስቡ። ዘንድሮ ከወንድሙ ድርሻ አጭበርብሮ ወስዷል። ማንም አያውቅም። በዮም ኪፑር ምኩራብ ገብቶ በጎረቤቶቹ መካከል ቆሟል። ኑዛዜው «ጥፋት ያለበት ይናገር» የሚል ቢሆን ኖሮ አፉን አይከፍትም ነበር። አሁን ግን ግራና ቀኙ ያሉት ሁሉ «ጋዛልኑ» ይላሉ። እሱም ይላል። ድምፁ ከሌላው ጋር ገባ፤ ቃሉ ግን ከገዛ አፉ ወጣ፣ ጆሮውም ሰማው። የወሰደውን የሚያውቁት እሱና ፈጣሪው ብቻ ናቸው። ንጹሑ ሰው ቃሉን አብሮ በማለቱ በዳዩን ከለለው። ይህን ውሸት ለማለት አንደበቴ አይታዘዘኝም። ሰውን ሳያዋርዱ እውነቱን እንዲናገር መርዳት ነው።

የግል ኑዛዜ ቀረ ማለት ደግሞ አይደለም። በ12ኛው መቶ ዘመን የነበረው ታላቁ የአይሁድ የሕግ ሊቅ ሙሴ ማይሞኒደስ የኑዛዜን ልክ ሲያስቀምጥ በነጠላ ቁጥር ነው የጻፈው፦ ይህንና ይህን አድርጌያለሁ፣ ተጸጽቻለሁ፣ በሥራዬ አፍሬያለሁ፣ ዳግም ወደዚህ ነገር አልመለስም። ሰው በለሆሳስ ሲጸልይ የራሱን ጉድ በስሙ ጠርቶ መጨመር ይችላል። በሰውና በእግዚአብሔር መካከል ያለን ኃጢአት ግን በአደባባይ ማውራት እንደማይገባ ማይሞኒደስ ጽፏል። ባልንጀራውን የበደለ ሰው ግን በደሉን በሰው ፊት ቢገልጥ ይመሰገናል ይላል።

«በፊደል ተራ የተደረደረ ስለሆነ እንዲሁ የሚነበነብ ነገር ነው»

በፊደል ተራ መደርደሩ እውነት ነው። አሻምኑ ከአሌፍ እስከ ታው በ22ቱ የዕብራይስጥ ፊደላት ይሄዳል። ግን መዝሙር 119ም ሆነ ሰቆቃወ ኤርምያስ የተጻፉት በዚሁ መንገድ ነው። እነሱን ልብ የሌላቸው ጸሎቶች የሚል ሰው አላጋጠመኝም። የፊደል ተራ ለማስታወስ ያመቻል። ከዚያም በላይ ሰው የሚፈልገውን መርጦ የማይፈልገውን እንዳይዘል ያስገድደዋል።

ረጅሙ ዝርዝር «አል ኼት» ይባላል። እያንዳንዱ መስመር «በፊትህ ስለ ሠራነው ኃጢአት» እያለ ይጀምራል። በአሽከናዝ፣ ማለትም በአውሮፓ አይሁድ ሥርዓት፣ ለእያንዳንዱ ፊደል ሁለት ሁለት መስመር ስላለ 44 ይሆናል። ዝርዝሩን ሳነብ የሚገርመኝ ውስጡ ያለው ነገር ነው። ትልልቅ ወንጀል ፈልጎ የሚያነብ ሰው የሚያገኘው የዕለት ኑሮውን ነው። ልብን ማደንደን አለ። በንግድ ማጭበርበር፣ አራጣ፣ የምግብና የመጠጥ ነገር፣ ወላጅንና አስተማሪን መናቅ፣ ያለ ምክንያት መጥላት አለ። ምላስማ ስንት ጊዜ ትጠራለች! ሐሜት፣ ወሬ ማመላለስ፣ በከንቱ መማል፣ የቂል ንግግር፣ ጸያፍ አፍ፣ ፌዝ።

ከእነዚህ መስመሮች አንዱን ለብቻው ላውጣው። «በአፍ ኑዛዜ ስለ ሠራነው ኃጢአት» ይላል። ልቡ ሳይኖርበት በከንፈሩ ብቻ ለተናዘዘው ማለት ነው። «የሚነበነብ ነገር ነው» የሚለውን ወቀሳ ጸሎቱ ራሱ ቀድሞ አስቦበታል። ከኃጢአቶቹም ውስጥ ቆጥሮታል።

«ዮም ኪፑር ሁሉንም ስለሚያጥብ ዓመቱን ሙሉ እንደፈለጉ ይሆናሉ»

ሚሽና ይህን በር በግልጽ ዘግቶታል። «እበድላለሁ፣ ዮም ኪፑር ያስተሰርይልኛል» የሚል ሰው ዮም ኪፑር አያስተሰርይለትም። ቀጥሎም ይበልጥ ከባድ ነገር ይላል። በሰውና በእግዚአብሔር መካከል ያለውን በደል ዮም ኪፑር ያስተሰርያል። በሰውና በባልንጀራው መካከል ያለውን ግን ባልንጀራውን እስኪያስታርቅ ድረስ አያስተሰርይም።

ስለዚህ ያ የወንድሙን ድርሻ የወሰደ ሰው ደረቱን እስኪደክመው ቢመታ ነገሩ አላለቀም። ኦሪት ዘኍልቍ ምዕራፍ 5 ሥርዓቱን ይናገራል። ይናዘዛል፣ የወሰደውን ይመልሳል፣ አምስተኛ እጅ ይጨምርበታል። ገንዘቡን መልሶም ይቅርታ መጠየቅ አለበት። ተበዳዩ እንቢ ቢለው ሦስት ሰዎች ይዞ ይሄዳል። እንደገና እንቢ ካለው ሁለተኛ፣ ሦስተኛ ጊዜ ይመላለሳል። የእኛ የሽምግልና ባህል ለለመደ ሰው ይህ የታወቀ መንገድ ነው። ተበዳዩ ሞቶ ከሆነ አሥር ሰዎች ይዞ መቃብሩ ድረስ ይሄድና በፊታቸው በደሉን ይናገራል። በዚህም የተነሳ ከዮም ኪፑር በፊት ባሉት ቀናት ሰዎች ወደ ዘመድና ወደ ወዳጅ እየደወሉ ይቅርታ ይጠይቃሉ።

«ኮል ኒድሬ ቃልና ውል ያፈርሳል»

በዮም ኪፑር ምሽት መግቢያ ላይ የሚባለው ኮል ኒድሬ ኑዛዜ አይደለም። በአራማይክ የተጻፈ የስእለት መፍቻ ነው። የሚመለከተውም ሰው በራሱና በእግዚአብሔር መካከል የተሳለውን ብቻ ነው። ለሌላ ሰው የተሰጠ ቃል፣ ብድር፣ የፍርድ ቤት መሐላ አይነካም። ይህ ክስ አይሁድን በመካከለኛው ዘመን አውሮፓ ብዙ አስከፍሏቸዋል። በ1240 እ.ኤ.አ. በፓሪስ በተደረገው ክርክር የፓሪሱ ረቢ ይሒኤል መልስ መስጠት ግድ ሆኖበት ነበር። ዛሬም ሲደገም መስማት ያሳዝናል።

«በዓመት አንዴ ብቻ ነው»

በዮም ኪፑር ብቻ፣ ከዋዜማው ሌላ፣ 10 ጊዜ ይባላል። በዋዜማው ደግሞ ከጾሙ በፊት ካለው ማዕድ አስቀድሞ ይናዘዛሉ። ታልሙድ ምክንያቱን ሲናገር ምናልባት በማዕዱ ላይ አንድ ነገር ቢደርስስ ይላል። ከዚያ ውጭ በየዕለቱ ጸሎት ውስጥ «አባታችን ሆይ ይቅር በለን፣ በድለናልና» የሚል በረከት አለ፤ እዚያም ደረት ይመታል። የሰፋራድ፣ ማለትም መነሻቸው ስፔን የሆነ፣ እና የምሥራቅ አይሁድ አሻምኑን በአዘቦት ቀንም ይሉታል። በአሽከናዝ ልማድ ሙሽሮች በሠርጋቸው ቀን ይናዘዛሉ፤ ቀኑ ለእነሱ እንደ ዮም ኪፑር ነው።

በሞት አፋፍ ላይም ቪዱይ አለ። የሕግ መጽሐፋቸው ሹልሐን አሩኽ ታማሚውን እንዴት እንደሚያናግሩት ያስተምራል። «ብዙዎች ተናዝዘው አልሞቱም፤ ብዙዎች ደግሞ ሳይናዘዙ ሞተዋል» በሉት ይላል፣ እንዳይደነግጥ። መናገር ካቃተው በልቡ ይናዘዝ። የሚያለቅሱ ሰዎች ባሉበትም አይሁን፤ ልቡ ይሰበራልና። እንዲህ ያለ ርኅራኄ በሕግ መጽሐፍ ውስጥ ማግኘት ደስ ይላል።

«ረቢዎች በኋላ የፈጠሩት ነው፤ ቤተ እስራኤል አያውቁትም»

የአሻምኑና የአል ኼት ቃላት በእርግጥ ከመጽሐፍ ቅዱስ በኋላ የተቀናበሩ ናቸው። የጋራ ኑዛዜው ግን ከዚያ በፊት የነበረ ነው። በነህምያ ምዕራፍ 9 ሕዝቡ ጾሞ፣ ማቅ ለብሶ፣ ትቢያ ነስንሶ ተሰበሰበ። የቀኑን ሩብ ሕጉን አነበቡ፣ ሌላውን ሩብ ተናዘዙ። የራሳቸውን ብቻ ሳይሆን የአባቶቻቸውንም በደል።

ቤተ እስራኤል ደግሞ ይህን ምዕራፍ ዓመት በዓመት ሲኖሩት ነው የቆዩት። የስርየት ቀንን አስተስርዮ ይሉታል። ከእሱ በ50ኛው ቀን ስግድ ይመጣል፤ ምህላ ተብሎም ተጠርቷል። ጎንደር አካባቢ አምቦበር ላይ ሕዝቡ እየጾመ፣ አንዳንዱም ድንጋይ ተሸክሞ፣ ተራራ ይወጣ ነበር። ቄሶቹ ኦሪቱን በግዕዝ ያነባሉ፣ ይጸለያል፣ ይሰገዳል። ከዚያ ተወርዶ ዳቦና ጠላ ይቀርባል። እስራኤል በ2008 እ.ኤ.አ. ስግድን በሕግ ብሔራዊ በዓል አድርጋዋለች። ዛሬ በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ኢየሩሳሌም ውስጥ አሮጌዋ ከተማ ፊት ለፊት ተሰብስበው ያከብሩታል። አሻምኑን በቃሉ ባያውቀውም «እኛ በድለናል» ማለትን ይህ ሕዝብ ከማንም አልተዋሰውም።

«የሐዘንና ራስን የመጥላት ቀን ነው»

ሚሽና ተቃራኒውን ይላል። ለእስራኤል አብ ከሚባለው የዕብራውያን ወር 15ኛ ቀንና ከዮም ኪፑር የሚበልጥ የደስታ ቀን አልነበረም። በእነዚህ ቀናት የኢየሩሳሌም ልጃገረዶች ነጭ ለብሰው ወደ ወይን እርሻ ይወጡና ይጨፍሩ ነበር። ልብሱ ሁሉ የተዋሱት ነው፤ የሀብታሟም ጭምር። የሌላት እንዳታፍር። ኑዛዜውን «እኛ» ያስባለው ጥንቃቄ እዚህም አለ።

ዛሬም በብዙ አሽከናዝ ምኩራቦች አሻምኑ ይዘመራል፣ ዜማውም ሞቅ ያለ ነው። መጀመሪያ የሰማ ሰው ግራ ሊገባው ይችላል። ግን የሚዘምሩት ይቅርታ እንደሚያገኙ እርግጠኛ ሆነው ነው።

ቀኑ ሲመሽ የመጨረሻው ጸሎት፣ ነዒላ፣ ይመጣል። አሻምኑ እዚያም አለ። ረጅሙ የ44 መስመር ዝርዝር ግን የለም። በእሱ ቦታ «ለበደለኞች እጅህን ትዘረጋለህ» የሚል ጸሎት ይባላል። በዚያ ውስጥ መናዘዝን ለምን እንደተማሩ ይናገራሉ፦ እጃችን የሰውን ከመቀማት እንድትቆም።